የደብሬ ሁለተኛ ጥርስ

ባለፈው ሳምንት የልጅ ልጄ ብርቱካን ሸሕዲ ሄዳ የመንጋጋ ጥርሷን አስነቅላ፣ ጉንጯን በነጠላዋ ደግፋ መጣች። ደረሰኙን ተቀብዬ አየሁት። ራጅ ሁለት ይላል።

«ስንት ጊዜ ነው ራጅ ያነሱሽ?»

«አንዴ። ይተዉት እምዬ፣ ማውራትም ያመኛል።»

አልተውሁትም። በማግስቱ በሚኒባስ ሄጄ፣ ገንዘብ ተቀባይዋ ፊት ቆሜ ትርፉን አስመለስሁ። ተመልሼ መተማ ዮሐንስ ስገባ ጎረቤቱ ሁሉ «እሷን ማን ያታልላታል» እያለ ይስቃል። እኔ ግን አብሬ መሳቅ አልቻልሁም። የባልንጀራዬ የደብሬ ጥርስ ትዝ አለኝ።

ያን ጊዜ ሁለታችንም ሃያ ዓመት አልሞላንም። በአንድ የሣር ጎጆ እያደርን፣ የማሽላ ቂጣ እየተካፈልን፣ የሰው ሰሊጥ እናጭድ ነበር። የጥቅምት ፀሐይ ቆላ ላይ እንዴት እንደሚያቃጥል የሚያውቅ ያውቀዋል፤ ሰሊጡ ደግሞ አፉን ከፍቶ ፍሬው ሳይፈስ መታጨድ አለበትና ማንም ቀና አይልም። ትራክተር ነጂው ሲሳይ ብቻ በቀትር ውኃ ያመጣልናል። ለእኔ ብሎ የሚያመጣ ይመስለኝ ነበር። ሽማግሌ የላከው ግን ለደብሬ ነው።

ይባስ ብሎ ለሠርጓ የፊት ጥርሷን በወርቅ ሊያስለብጥላት ቃል ገባ። ያኔ በእኛ አገር ሙሽራ ስትስቅ ወርቅ ብልጭ ካለ፣ ወሬው እስከ አብርሃ ጅራ ይደርሳል። ከሱዳን፣ ከገላባት ተሻግሮ የመጣ ጥርስ ሠሪ ገበያው አጠገብ ክፍል ተከራይቶ ነበር። ወርቁን ለበጠላት፤ በዚያው ያመማትን አንድ መንጋጋ ነቀለላት። የወርቁን ሲሳይ ከፈለ። የመንቀያው የራሷ ዕዳ ነው።

የሒሳቡን ወረቀት ይዛ ወደ እኔ መጣች። እኔ በመሠረተ ትምህርት ፊደልና ቁጥር ለይቻለሁ፤ እሷ አልተማረችም።

«እስቲ እይልኝ አንቺ። ብሬ አልበቃ አለ፤ የእናትሽን የአንገት ድሪ አስይዢ ይለኛል። ልክ ነው?»

«አፍሽን ክፈቺ» አልኋት።

ከፈተች። ደም የቋጠረው ጉድጓድ አንድ ነው። ወረቀቱ ላይ ግን የተነቀለ ጥርስ ሁለት ተብሏል። አንድ ተብሎ ቢጻፍ ብሯ ይበቃት ነበር። ከፊት ደግሞ ያ ወርቅ ዓይኔ ውስጥ ገባ። ሲሳይ ያን አፍ እያየ ሲስቅ ታየኝ። እንግዲያው አንገቷ ባዶ ይሁን አልሁ በሆዴ።

«ልክ ነው» አልኋት።

የብር ድሪውን ከአንገቷ አወለቀች። አጨዳው አልቆ ገንዘቡን ቋጥራ ብትሄድ፣ ሰውየው ክፍሉን ለቅቆ፣ ድሪውን ይዞ ተሻግሯል። ማተቧን ብቻ አስራ ተዳረች። ሚዜዋ እኔ ነበርሁ። ባዶ አንገቷን እያየሁ ደስ የሚለኝ መስሎኝ ነበር፤ ሲሳይ ግን ቀኑን ሙሉ ያይ የነበረው ፊቷን ነው።

ደብሬ ዛሬም ከጓሮዬ በስተጀርባ ትኖራለች። የብርቱካንን ነገር ሰምታ ትናንት በአጥሩ በኩል ብቅ አለች።

«ድሮም ቢሆን አንቺ ያየሽው ሒሳብ አይሳትም። የእኔንስ ያየሽልኝ አንቺ አይደለሽ?» ብላ ሳቀች።

ወርቁ አሁንም ብልጭ ይላል። ከቤት ውስጥ ሲሳይ ስሟን ሲጠራ ሰማሁ። የዚያን ወረቀት እውነት ሳልነግራት ወደ ቤቷ ገባች። ለአንድ ራጅ ብዬ ሸሕዲ ድረስ የሄድሁት ሴትዮ፣ ያችን አጥር መሻገር አቃተኝ።