ለአክስቴ ብቻ የነገርኳት እሺታ

እኔና ባለቤቴ ዳንግላ ገበያ ውስጥ ጨርቅ እንሸጣለን። እሱ ይለካል፣ እኔ አወራለሁ። ከገጠር የመጣች ሴት ስትገባ በአገውኛዋ እቀበላታለሁ፤ ለራሷ ቀሚስ ልትገዛ የመጣችው ለእናቷም ነጠላ ይዛ ትወጣለች። "ይሄ ሱቅ የቆመው ባንቺ አፍ ነው" ይለኛል። እውነቱን ነው። በዚሁ አፌ በእሱ ላይ ያደረስኩትን ግን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ።

ማንበብ ያስተማረኝ የለም፤ ልጆቼ ትምህርት ቤት ሲገቡ ደብተራቸውን እየገለጥኩ ፊደል ለቀምኩ። ወሬ ማጣፈጥን ደግሞ ሴቶች መሃል ተቀምጬ ነው የቻልኩበት። ከወሬዎቼ ሁሉ ስም ያወጣልኝ የኒካሄ፣ ጋብቻዬ የታሰረበት ቀን፣ ወሬ ነው።

እንዲህ ብዬ ነው የማወራው። ሃያ ዓመት ሳይሞላኝ ሽማግሌ ተላከ። የኒካሁ ቀን ሻርፕ ደርበውብኝ ጓዳ አስቀመጡኝ። አባቴ ሁለት ምስክሮች አስከትሎ መጣና በሩ ላይ ቆሞ ጥሎሹን ጠራና፣ "በዚህ መህር ለእገሌ ልጅ ልሰጥሽ ነው፤ ምን ትያለሽ?" አለኝ። ዝም አልኩ። ደግሞ ጠየቀኝ። አሁንም ዝም። አንደኛው ምስክር "በቃ እኮ፣ ዝምታዋ እሺታዋ ነው" አለ። ተመልሰው ሄዱ፣ ኒካሁ ታሰረ። "እህቶቼ፣ ዶሮ እንኳ ስትሸጥ ትንጫጫለች፤ እኔ ጭጭ ብዬ ተሸጥኩ!" ስል ሴቱ በሳቅ ይፈርሳል።

ያልዋሸሁት ነገር አለ። በዲናችን፣ በእስልምና፣ ልጃገረድ ተጠይቃ አፍራ ዝም ካለች ፈቅዳለች ነው። አባቴም ጠይቆኛል፣ እኔም ዝም ብያለሁ። ወሬው ውስጥ የሌለችው አክስቴ ናት።

ኒካሁ ሳይደርስ ከአባቴ እህት ጋር ጓሮ በርበሬ እያሰጣን ነበር። "ልጁን አይተሽዋል?" አለችኝ።

"አይቼዋለሁ።" እንዴት አላየው! እሱን ለማየት ብዬ ከአባቱ ሱቅ ስንት ክር እንደገዛሁ አላህ ያውቃል፤ እኛ ቤት መርፌ የሚይዝ ሰው እንኳ አልነበረም።

"ታዲያ ልብሽ ምን ይላል?"

"ካልሰጡኝ እጠፋለሁ" አልኳት።

አክስቴ በርበሬ በነካ እጇ አፌን ጠፍ አደረገችኝ። "አንቺ ዓይን አውጣ! ለኔ ነግረሽኛል፣ ይበቃል። አባትሽ ሲጠይቅሽ ትንፍሽ እንዳትይ። 'ስጡኝ' ብላ አፏን የምትከፍት ልጅ የት አይተሻል?"

ከንፈሬ እየተቃጠለ ስስቅ ዋልኩ። በኒካሁም ቀን ሻርፑ ስር ሆኜ ከንፈሬን የነከስኩት ሳቄን ልይዘው ብዬ ነው።

ይሄን ለማንም ተናግሬው አላውቅም። ለባለቤቴም። መጀመሪያ አፍሬ ነው፤ ኋላ ደግሞ ወሬዬን ያበላሽብኛል ብዬ። አክስቴም ሞተች፣ አላህ ይማራት።

ሳቅ ብቻ ሆኖ ቢቀር ደግ ነበር። አንድ ጊዜ ስለ ሴት ልጆች የጋብቻ ፈቃድ ቀበሌ አዳራሽ ስብሰባ ተጠራና "አንቺ ንግግር ትችያለሽ፣ የራስሽን ንገሪን" አሉኝ። ተነሳሁ። ሰዉ እንደ ሌላ ቀኑ አልሳቀም፤ አዳራሹ ጸጥ ብሎ ሰማኝ። ያ ጸጥታ ከሳቁ የበለጠ ጣፈጠኝ። ጨመርኩበት። እንባዬ ሳላስበው መጣ። "ከእንግዲህ አንድም ልጅ መልሷ ሳይጠበቅ እንዳትሰጥ" ስል ጭብጨባው ቀለጠ። ምክሩ ምክር ነው፣ ዛሬም እደግመዋለሁ። ታሪኩ ግን የኔ አልነበረም። ባለቤቴ ከኋላ ከወንዶቹ ጋር ተቀምጦ እንደነበር ያወቅኩት ስወጣ ነው። "ደክሞሻል፣ ሻይ ልጋብዝሽ" አለኝ። እኔም ያንን ቀን ንግግሬ አኩርቶት ነው ብዬ አለፍኩት።

ዘንድሮ አብረን ሐጅ ልንሄድ ተነሳን። ባልና ሚስት መሆናችሁን የሚያሳይ ወረቀት አምጡ ተባልን። እንጅባራ ዩኒቨርሲቲ የምትማረው ልጃችን መጥታ "ወረቀታችሁ የታለ?" ስትለን ሁለታችንም ተያየን።

"ሸሁ ነበሩ፣ ሰው ነበረ፤ ደግሞ የምን ወረቀት?" አልኳት።

"እማዬ፣ በኒካህ የተጋባም በሕግ ባልና ሚስት ነው። ግን ካልተመዘገበ እዚህ ያላያችሁ ሰው በምን ያውቃል?"

ከሁለቱ የኒካሃችን ምስክሮች በሕይወት ያሉት አንዱ ናቸው፤ ያ "ዝምታዋ እሺታዋ ነው" ያለው ሰው ዛሬ ከዘራ የያዙ አዛውንት ሆነዋል። እሳቸውንና አንድ ጎረቤታችንን ይዘን ቀበሌ ጋብቻ መዝጋቢዋ ዘንድ ቀረብን። መዝጋቢዋ ፈገግታዋ የማይጠፋ ወጣት ናት። አዛውንቱን "አባባ፣ ኒካሁ ሲታሰር ነበሩ?" አለቻቸው።

"ነበርኩ እንጂ! እሷ ዝም አለች፣ እኛ በላን።"

ተራ የሚጠብቀው ሁሉ ሳቀ። ልጅቱም እየሳቀች ወደኛ ዞረች። "ሁለታችሁም በፈቃዳችሁ ነው የተጋባችሁት?"

"እኔ በፈቃዴ ነው" አለ ባለቤቴ። ቀጥሎ፣ ባልጠበቅኩት ድምፅ፣ "የእሷን ግን ከእሷ ስሚ፣ ልጄ። ያኔ የጠበቃት የለም። ዛሬ እንጠብቃት" አለ። ወንበሩን ወደኔ አዞረና እጆቹን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ተቀመጠ።

እሱ ሲጠብቀኝ አየሁ። ከኋላዬ ደግሞ ለመሳቅ የተዘጋጀው ሰው ታወቀኝ። አፌ ቀደመኝ፦

"አሁን እምቢ ብል ማን መልሶ ይረከበኛል?"

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። አዛውንቱ በከዘራቸው መሬቱን መቱ። መዝጋቢዋ ዓይኗን እየጠረገች "እማማ፣ አዎ በሉኝና ልጻፈው" አለች። "አዎ፣ አዎ፣ ጻፊው" አልኳት። ባለቤቴ አልሳቀም። ወንበሩን ወደ ቦታው መልሶ ፈረመ። ባጃጅ ውስጥም ወረቀቱን ጭኑ ላይ ዘርግቶ ውጭ ውጭውን ሲያይ ቤት ደረስን።

ለሐጅ የሚነሳ ሰው ሳይሄድ የበደለውን ሁሉ "አፉ በሉኝ" ብሎ ይቅርታ ይለምናል። ባለቤቴ ሰፈሩን ዞረ፣ ነጋዴውን ዞረ፤ በመጨረሻ ሱቃችንን ስንዘጋ እኔ ፊት ቆመ።

"ሸሃችንን ጠይቄያቸው ነበር" አለኝ። "ኒካሁ የጸና ነው፣ አትጨነቅ አሉኝ። እኔ የጨነቀኝ ግን የኒካሁ ነገር አይደለም። የሰውን ልጅ ዕድሜዋን ሙሉ ሳትወድ አኑሬ ካዕባ ፊት እንዴት አብሬያት እቆማለሁ? አፉ በይኝ።"

የያዝኩት የጨርቅ ጣቃ ከእጄ ወደቀ። እዚያው ጨርቁ መሃል ሁሉንም ነገርኩት፤ በርበሬውን፣ አክስቴን፣ ክሩን፣ እጠፋለሁ ማለቴን። ለመጀመሪያ ጊዜ ወሬ ማውራት አቃተኝ፤ የኋላውን አስቀድሜ፣ እየተንተባተብኩ ጨረስኩት።

በፍቅር አየኝ። "አይ አንቺ፤ ሰው ሲያሳዝንሽ መድኃኒቱን ወዲያው ትፈጥሪያለሽ። የክሩ ወሬ በጣም ያምራል።"

"እውነቴን ነው፣ ወላሂ..."

"ተይ፣ ስለኔ ብለሽ አትማይ።" ጣቃውን አንስቶ አቧራውን አራገፈ። "ታዲያ ያን ቀን አዳራሽ ውስጥ ያለቀስሽው ምኑን ነው?"

የጭብጨባ እንባ ነው ይባላል? ይህን የሚያህል ሰው፣ በቁጣ ቀና ብሎ አይቶኝ የማያውቅ ሰው፣ ያልሠራውን በደል ለዓመታት ብቻውን ተሸክሞ ኖሯል። አፉ ካልኩት ውሸቴን አተምኩት። አልልም ካልኩት ያን ሸክም ይዞ ሊሄድ ነው። ደግሞ "አፉ በይኝ" አለኝ። ድምፁ ተሰበረ።

"አፉ ብዬሃለሁ" አልኩት።

ትከሻው ሲወርድ አየሁት። "አልሐምዱሊላህ" ብሎ ፊቱን በሁለት እጁ አበሰ። ልጅ መሰለ።

"አንተም አፉ በለኝ" አልኩት።

"ስለ ምኑ?"

"አዳራሽ ስለተናገርኩት።"

"ምን ሆነሻል?" አለኝ፣ ለመግሪብ ሶላት ውዱእ ሊያደርግ እጅጌውን እየሰበሰበ። "እሱማ እውነትሽን ነው የተናገርሽው። ለእውነት አፉ አይባልም።"

ውሃውን አንስቶ ወጣ።