ወርቅ ጥርስ ያላት የእንጀራ እናት

የውብዳር ነገሩ የተበላሸው በአንድ «አዎ» እንደሆነ ታውቃለች።

የጅቡቲ ከተማ ሰፈር ካርቲየ 5 ከቀትር በኋላ ጭር ይላል። ሱቆች ይዘጋሉ፤ ወንዶቹ ጫታቸውን ይዘው ይቀመጣሉ፤ ኸምሲን የሚሉት ትኩስ ነፋስ ብቻ አሸዋ እየበተነ የየቤቱን ቆርቆሮ ያንኳኳል። በዚያ ሰዓት የቤቱን ልጅ ከውሰርን ማስተኛት የሠራተኛዋ የየውብዳር ድርሻ ነው። ልጅቷ ሰባት ዓመቷ ነው፤ ያለ ተረት ዓይኗን አትከድንም። የውብዳርም ልጅ ሳለች ከሚሴ የሰማችውን ታወራላታለች፤ የእንጀራ ልጇን በወንፊት ውኃ ቅጂ ብላ ወንዝ ስለምትልክ ክፉ ሴት።

«ጥርሷ የወርቅ ነው?» አለች ከውሰር አንድ ቀን።

የውብዳርን እንቅልፍ ተጭኗት ነበር። «አዎ» አለች።

ወዲያው ነቃች። በዚህ ቤት ወርቅ ጥርስ ያላት አንድ ሴት ናት፦ ጀዋሪያ፤ የከውሰር እናት ከሞተች በኋላ ነጋዴው ኡበይድ ከድሬዳዋ ያመጣት ሚስቱ። የበሩ መጋረጃ ነቅነቅ አለ። ነፋስ ይሁን ሰው አልለየችም።

በማግስቱ ከውሰር ጀዋሪያ የሠራችውን ሩዝ አልበላም አለች። ጀዋሪያም ማድ ቤቱ በር ላይ መቆም አመጣች። ድስቱን ታያለች፤ የውብዳርን ታያለች፤ ትሄዳለች። በሦስተኛው ቀን ግን አፏን ከፈተች።

«ምን ብለሽ ነው ልጅቷን ያስፈራራሽብኝ?»

«ተረት ነው እትዬ። ተረት ላይ የእንጀራ እናት ክፉ ናት፤ እኔ አላመጣሁት።»

«ወርቅ ጥርሱንስ ማን አመጣው? የድሮ ሰዎች?»

የውብዳር ድስቱን ማማሰል ያዘች።

«ወላሂ፣ እስከ ጁምዓ ካልበላችልኝ ሻንጣሽን ይዘሽ ባቡር ትሳፈሪያለሽ!»

የውብዳር ከዚህ ቤት ሌላ ጅቡቲ ውስጥ ማደሪያ የላትም። ከሚሴም የሚጠብቃት ሰው የለም። ስለዚህ በማግስቱ ተረቱ ላይ የእንጀራ እናቲቱን ደግ አደረገቻት፤ ልጅቷን ማር ታበላታለች፣ እግሯን ታጥባታለች፣ እየሳመች ታስተኛታለች።

ከውሰር ብድግ ብላ ተቀመጠች። «ምን ፈልጋ ነው?»

«ምንም። ደግ ሆና ነው።»

«ውሸት! አወፍራ ልትበላት ነው።»

ማታ ደግሞ ጀዋሪያ መጣች። «ዛሬ የተረቷን ሴትዮ ማር ቀባሻት አሉ። ምን አጥፍተሽ ነው የምታባብዪኝ?»

ሐሙስ ቀትር ላይ የውብዳር ተረቱ ሁሉ ጠፋባት። ወደ አእምሮዋ የመጣችው የገዛ የእንጀራ እናቷ ናት፤ ከሞተች ስንት ዓመቷ። ተረት ሲወራ እሷን አስባ አታውቅም ነበር። አሁን ግን የጀርባዋ ሽታ፣ ያ የቅቤና የጭስ ሽታ፣ እዚህ ባሕር ዳር ድረስ ተከትሏት መጣ።

«አንዲት ሴት ነበረች» ብላ ጀመረች። «የእንጀራ ልጇ ወተት ደፋችባት። በነጠላ ጫማ መታቻት።»

«ከዚያስ?»

«ልጅቷን ኩፍኝ ያዛት። ሴትዮዋ አዝላት ወንዝ ተሻግራ ሐኪም ቤት ወሰደቻት። መንገዱን ሁሉ ‹አንቺ መዓት! አንቺ ድንጋይ! ወገቤን ቆረጥሽው!› እያለች።»

ከውሰር ሳቀች። ከዚያ ፊቷን ኮስተር አደረገች። «ታዲያ ጥሩ ናት፣ መጥፎ?»

«እኔ እንጃ።»

«ከተሳደበችማ የእውነቷን ነው ያዘለቻት» አለች ከውሰር።

መጋረጃው ተገለጠ። ጀዋሪያ ቆማለች።

«ወተት ሲደፋበት የማይማታ ማን አለ?» አለች፤ ለማን እንደሆነ ሳይታወቅ። ፍራሹ ጫፍ ላይ ተቀመጠች። «ቀጥይ እንጂ። ልጅቷ ዳነች?»

«ዳነች እትዬ።»

ከውሰር ጁምዓ ዕለት በላች፤ ግን መጀመሪያ ጀዋሪያ ስትጎርስ ጠብቃ ነው። የባቡሩ ነገር አልተነሳም። ከዚያ ወዲህ ጀዋሪያ በየቀትሩ እየመጣች ትቀመጣለች። ተረት ልትሰማ ይሁን የምታወራውን ልትቆጣጠር፣ የውብዳር እስከ ዛሬ አታውቅም፤ አዲስ ሴት ወደ ተረቱ ባስገባች ቁጥር ቀና ብላ የጀዋሪያን ፊት ታያለች።