ተቆርጦ የቀረው ሳቅ

ክረምት ሲገባ ቀኝ ትከሻዬ ይጠዘጥዘኛል። ካሜራ ስሸከምበት የኖርኩት ነው። ዛሬ ጠዋትም የጂንካ ዝናብ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ሕመሙ ቀሰቀሰኝና ካኮ የምትባለው የበና መንደር ትዝ አለችኝ።

ምን ልበልህ፣ ያኔ ወጣት ነበርኩ፤ ድካም የሚባል ነገር አላውቅም። የመጀመሪያው ዘጋቢ ፊልሜ ለበሬያቸው ስለሚዘፍኑ አንድ የበና ሽማግሌ ነበር። ቋንቋቸውን ስለማልችል የመንደሩ መምህር ያስተረጉምልኛል። ሽማግሌው በረቱ ደጃፍ ቆመው፣ የእበትና የእርጥብ ሣር ሽታ እየከበበን፣ ዓይናቸውን ካሜራዬ ላይ ተክለው ይዘፍኑ ነበር። "ወደ እኔ ይዩ" እያልኩ ያስለመድኳቸው እኔው ነኝ።

ፊልሙን አቀናብሬ እንደጨረስኩ ሽማግሌው ሞቱ። ባለቤታቸው የታመመ ወንድማቸውን ሊጠይቁ ዲመካ ሄደው ስለነበር ለቀብሩ አልደረሱም። መምህሩ ደወለልኝ።

"እህቴ፣ ሚስታቸው ሌላ ነገር አይሉም። ፊቱን አሳዩኝ ብቻ ነው የሚሉት።"

ቴሌቪዥንና ጄኔሬተር አስጭኜ ሄድኩ። የአንዱን መማሪያ ክፍል መስኮቶች በብርድ ልብስ ጋረድን። ጄኔሬተሩ ውጭ ሲያጓራ፣ ቤንዚን ቤንዚን በሚሸተው ጨለማ ውስጥ የሽማግሌው ፊት ወጣ። ሰዉ ሁሉ አጨበጨበ። ሴትዮዋ ግን ቁርበታቸው ላይ ተቀምጠው የባላቸውን ፊት ብቻ ያዩ ነበር። ሲያልቅ ለመምህሩ ቀስ ብለው አንድ ነገር ነገሩት።

"ምን አሉ?"

"'እሷን ነው የሚያየው። ወደ እኔ እንዲዞር ንገሯት' ነው የሚሉት።"

ያን ሁሉ ጊዜ የለፋሁበት ሥራ ለእኚህ ሴት ምንም አልሆነላቸውም። ዛሬ ስንትና ስንት ፊልም ሠርቼ፣ ገንዘብ ፍለጋ የአንዱን ደጅ ስጠና ሌላውን ስለምን ዝዬ፣ እንደዚያ ቀን ግን ባዶ እጄን የቀረሁ መስሎ ተሰምቶኝ አያውቅም።

ከዚያ ከፊልሙ ያወጣሁት ቁራጭ ትዝ አለኝ። ሳይቆረጥ የተቀረጸበት ዋናው ካሴት ቦርሳዬ ውስጥ ስለነበር አወጣሁና ወደፊት ወደኋላ እያጠነጠንኩ ፈለግኩት። ሽማግሌው መቀረጽ መጀመራቸውን ሳያውቁ፣ ወደ ጎን ዞረው ሚስታቸውን በስማቸው እየተጣሩ ውሃ ሲጠይቁ፣ ሴትዮዋም ከጎጆው ውስጥ ሆነው አንድ ነገር ሲመልሱላቸው፣ ሽማግሌው ጥርሳቸው እስኪታይ ሲስቁ። ለፊልም አይሆንም ብዬ ነበር የጣልኩት።

ከፈትኩላቸው።

ሴትዮዋ ተነሡ። ቁርበታቸውን ይዘው፣ ባላቸው ከቴሌቪዥኑ ሆነው ወደሚያዩበት ጥግ ሄደው ተቀመጡ። ሽማግሌው ሲጣሩ በለሆሳስ መለሱላቸው። "መጣሁ" ያሉ መሰለኝ። መምህሩን እንዳልጠይቀው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ነበር።