የኖራ ማሳዎች

የጡንቻ ቅባት በሸተተኝ ቁጥር ዎርዝንግተን ከተማ የነበረው የኖራ ሳሎን ይመጣብኛል፣ ንዴቱም አብሮ ይመጣል። ኖራ እናቴ የምትንከባከባት፣ አየርላንድ ተወልዳ ያደገች አሮጊት ነበረች፤ እኔ የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ስለነበርኩ ብቻዬን እንዳልቀር ቅዳሜ ቅዳሜ ከምንኖርበት ከኢስትሙር አብሬ እወሰድ ነበር።

በበረዶው ወቅት ኖራ ከትውልድ መንደሯ ደብዳቤ ደረሳት። የመንደሩን ታሪክ የሚጽፍ ሰው፣ ወንድሟ ድሮ በትራክተር የደለደለው ክብ የአፈር አጥር የትኛው ማሳ ላይ እንደነበር ጠየቃት። እንዲህ ያለው አጥር ከሺህ ዓመት በፊት አንድ የገበሬ ቤተሰብ ቤቱንና ከብቱን የከለለበት ነው፤ ቦታው ከታወቀ ቆፍሮ ማጥናት ይቻላል። ቦታውን ከሚያውቁት በሕይወት የቀረችው ኖራ ብቻ ነበረች።

እጇ ስለሚንቀጠቀጥ እሷ ስትናገር እኔ እጽፍ ነበር። የማሳዎቹ ስም ካርታ ላይ ስለሌለ፣ ዓይኗን ጨፍና ከልጅነት ቤቷ በር ትነሳና የጥጃ ማሳ፣ የመበለቷ ማሳ፣ ረግረጉ እያለች ትሄዳለች፤ ስትሳሳት ወደ በሩ ተመልሳ እንደገና ትጀምራለች።

«ማም፣ አራቴ ነግራኛለች እኮ፣ አይም ዳን።»

እናቴ የኖራን እግር በቅባት እያሸች፣ «አምስተኛም ትንገርሽ። አንቺ የዚያችን ጓደኛሽን ወሬ ስንቴ ነው የምታሰሚኝ?» ትለኝ ነበር።

በረዶው ሲቀልጥ ዝርዝሩ አለቀ። ሥርዝ ድልዙ፣ ቀስቱ ሁሉ ዓይኔን ስለወጋኝ ቤት ወስጄ በማስመሪያና በባለቀለም እስክሪብቶ፣ በእንግሊዝኛ ፊደል ተራ አሳምሬ ገለበጥኩትና አሮጌውን ቀድጄ ጣልኩት። እናቴ «አሁን ሰው መሰለ» አለችኝ።

ኖራ ጣቷን የመጀመሪያው ስም ላይ አድርጋ ወደ ሁለተኛው ወረደችና ቆመች። «ከበሩ ስወጣ ወዴት ነው የምሄደው?» ብላ ጠየቀችኝ።

«የድሮው ወረቀት የታለ?» አለች እናቴ።

«ጣልኩት። ዝርክርክ፣ ሜሲ ነበር።»

እናቴ አልተቆጣችም፤ እጇን ፎጣው ላይ ስትጠርግ ብዙ ቆየች። የስሞቹ ተራ ራሱ ካርታው እንደነበር ያኔ ገባኝ፤ እያንዳንዱ ማሳ ቀጥሎ ከተጠራው ጋር ይዋሰን ነበር።

እንደገና ጽፈን ሳንጨርስ፣ ትምህርት ቤት ሲዘጋ ኖራ ሆስፒታል ገብታ ወጣች፣ ከዚያ ወዲህ ረግረጉ ጋ ስትደርስ መንገዱ ይጠፋባት ነበር። የበረዶውን ወቅት ሙሉ ስትሰማ የከረመችው እናቴ፣ «ቀጥሎ ድንጋያማው ነው፣ እትዬ ኖራ» እያለች እጇን ይዛ ሁለት ማሳ አሻገረቻት። አጥሩ ግን ከዚያም ወዲያ ነበር።

ቅጠል መርገፍ ሲጀምር መልሱን ጻፍን። «ከድንጋያማው ወዲያ አይታወቅም» ብዬ ልዘጋው ስል እናቴ፣ «ማን እንዳጠፋውም ጻፊ» አለችኝ። ጻፍኩ።

ያኔ በኖራ መመላለስ የምነጫነጨው እኔ ነበርኩ፤ ዛሬ አስተማሪ ነኝ፣ የሚነጫነጩት ተማሪዎቼ ናቸው። ከንጹሑ ጽሑፍ ጋር ሥርዝ ድልዙንም ካላመጣችሁ አልቀበልም ስላቸው፣ «ሚስ፣ ያ እኮ ትራሽ ነው» ይሉኛል። እሱንም አምጡት እላቸዋለሁ፤ ሁሉን ነገር ማስረዳት የምወድ ሰው፣ ለምን እንደሆነ ግን እስካሁን አልነገርኳቸውም።