ጆሮ የሌለው ቀበሮ

አማቴ ሺዙኖ እህል ከአፋቸው ካልገባ ሦስተኛ ቀናቸው ነበር። ነርሷ ናጋይ ትናንት ስትወጣ በር ላይ ቆማ፣ «ነገ ከሰዓት እመጣለሁ። እስከዚያ ምንም ካልቀመሱ ሆስፒታል መግባታቸው ነው» አለችኝ። አማቴ ደግሞ ገና ደህና ሳሉ፣ «ነፍሴ ሳትወጣ እኔን ከዚህ ቤት እንዳታስወጡኝ» ብለውኛል። እሺ ብያለሁ። እሺ ማለት ልማዴ ነው።

ዕለቱ በየካቲት የቀበሮዋ በዓል የሚውልበት ነበር። ቀበሮዋ የሩዙ አምላክ መልእክተኛ ናትና፣ እዚህ አያቤ በየቤቱ ቶፉ የሚባለው የአኩሪ አተር አይብ እንደ ከረጢት ተከፍቶ በሩዝ ይሞላል። ለእሷ እናቀርባለን፤ የተረፈውን እኛ እንበላለን። አማቴ ከዚህ የበለጠ የሚወዱት ምግብ የለም። ሌላ መላ ስላጣሁ በማለዳ ተነስቼ ድስት ጣድኩ።

የተጠበሰውን ቶፉ እንቅልፍ ባጣ ዓይኔ ቆራረጥኩና፣ ዘይቱ እንዲለቅ የፈላ ውሃ አፈሰስኩበት። በመብያ እንጨት ዳምጬ አፉን ስፈለቅቀው እንደ ትንሽ ኪስ ተከፈተ። ከዚያ በስኳርና በአኩሪ አተር ስጎ ቀስ ብሎ እንዲበስል ተውኩት። ውጭ በረዶው ድምፅ ሳያሰማ ይወርዳል። እንፋሎቱ መስኮቱን ሸፈነው፤ ተራራው ጠፋ፣ የጎረቤት ጣሪያም ጠፋ። እኔም የጠፋሁ መሰለኝ። በሐሳቤ አሥራ ስድስት ዓመቴ ነው፤ ትምህርቴን አቋርጬ በስተምሥራቅ ባለችው የትውልድ አገሬ ቺቺቡ፣ እናቴ ጓዳ ውስጥ ቆሜ ኮምጣጤ የነካውን ሩዝ በማራገቢያ አበርዳለሁ። እናቴ ጀርባዋን ሰጥታኝ ታንጎራጉራለች። ዞር ብትል ፊቷን አየው ነበር፤ አልዞረችም።

እጄ ግን ሥራውን አላቆመም። ልብ ስል ሳህኑ ላይ ሩዝ የሞሉ አሥራ ሁለት ከረጢቶች ተደርድረዋል፤ ሁሉም ድቡልቡል፣ እንደ ጆንያ የተጋደሙ። ይህ የምሥራቅ ሰው አሠራር ነው። እዚህ ምዕራብ ሦስት ማዕዘን ሆኖ ጫፉ እንደ ቀበሮ ጆሮ ካልቆመ የበዓል ምግብ አይባልም። ገና ስቆርጠው ነው የተሳሳትኩት፤ በሰያፍ ከጥግ እስከ ጥግ መቁረጥ ነበረብኝ። ሌላ ቶፉ ቤት ውስጥ የለም። እንዳለ ይዤው ገባሁ።

አማቴ ትራስ ተደግፈው ግድግዳውን ያያሉ። ሳህኑን ጭናቸው ላይ አስቀመጥኩላቸው። ዝቅ ብለው ብዙ ተመለከቱት።

«ይሄ ምንድን ነው?» አሉ። በሦስት ቀን ውስጥ የመጀመሪያ ቃላቸው ነበር።

«የበዓሉ ነው፣ እማማ።»

«የማን በዓል? የጆንያ ተሸካሚዎች?»

«ተሳሳትኩ።»

«ጆሮው የታለ? ቀበሮዋን ደንቆሮ አደረግሻት እኮ! እዚህ ቤት ከገባሽ ስንት ዓመትሽ ነው፣ ሙሽሪት?»

«ሠላሳ አራት።» ዕድሜዬ ስድሳ ሞልቷል፤ ለእሳቸው ግን ዛሬም ሙሽሪት ነኝ።

«አይመስልም። ወዲህ በይው።»

አንዱን አንስተው በደከሙ ጣቶቻቸው ሩዙን ወደ አንድ ጥግ ይገፉት ጀመር። ጆሮ ሊሆን ነው ስል ከረጢቱ ተቀደደ። ሩዙ መዳፋቸው ላይ ፈሰሰ፤ በጣቶቻቸው መሃል ተጣበቀ። ልጠርግላቸው ፎጣ ባነሳ እጃቸውን ሸሸጉብኝ።

«ሩዝ በፎጣ ይጠረጋል? እናትሽ ይህንን ነው ያስተማረችሽ?»

እኛ ዘንድ አንዲት ፍሬ እንኳ አትጣልም። ጣታቸውን ወደ አፋቸው ወስደው አንዷን ፍሬ ለቀሙ። ከዚያ ሌላዋን። እየተቆጡ ለቀሙ፣ እየለቀሙ ተቆጡ። ቃል ብተነፍስ የሚያቆሙ መሰለኝ። መዳፋቸው ሲጠራ የተቀደደውን ቶፉ አነሱና፣ «ይሄስ ለማን ሊተው ነው?» ብለው ግማሹን ጎረሱ።

ከሰዓት ናጋይ መጣች። ገና ጫማዋን ሳታወልቅ፣ «ወይዘሮ ፉሳኤ፣ አማትዎ በሉ?» አለችኝ።

«አንድ ሊሞላ ትንሽ የቀረው።»

«ነርሷ!» አሉ አማቴ ከውስጥ። «ከዚያ ሳህን እንዳትነኪ። የቺቺቡ ሥራ ነው፣ ሆድ ያማል።»

ናጋይ ሳቋን በመዳፏ አፍና ወረቀቷ ላይ ጻፈች። «እንግዲያው እዚሁ ይቆዩ። ሐሙስ መጥቼ አያለሁ» አለች።

እስከ ሐሙስ ሁለት ቀን አለ። እሷን ሸኝቼ፣ የቶፉ መሸጫው ሳይዘጋ ልድረስ ብዬ ቦት ጫማዬን አጠለቅኩ። ነገ ቶፉውን ጆሮ እንዲያወጣ ልቁረጠው ወይስ እየተቆጡ እንዲበሉት እንደ ዛሬው ላድርገው እያልኩ በረዶው ውስጥ ሄድኩ፤ አልወሰንኩም።