የእትዬ ሶሌዳድ በቀል

ባለፈው ኅዳር ከሥራ ሲያትል አጠገብ ወዳለችው ሾርላይን ስመለስ ፍሪዌዩ ላይ ትራፊክ ይዞኝ ቆሜ ሳለሁ፣ ሬዲዮው አንድ ዝነኛ የስፔን ፊልም ዳይሬክተር ዘጠና ዓመት አልፎት መሞቱን ሲናገር ሰማሁና ሳላስበው ሳቅሁ። መስኮቱ ዝግ ነው፣ ዝናቡ ጣሪያው ላይ ይንጣጣል፣ ከጎኔ የቆመችው ሾፌር ግን ብቻዋን የምትስቅ ሴት አይታ ሳትደነግጥ አልቀረችም። ሰው ሲሞት መሳቅ ነውር መሆኑን እናቴ በሚገባ አስተምራኛለች፤ በማንም ሞት ስቄም አላውቅም። በዚህ ሰውዬ ሞት ግን ሆዴ እስኪያመኝ ሳቅሁ። ቀጥላ ጋዜጠኛዋ፣ እሱ ያነገሣት ተዋናይት የማይረሳ ድምፅ ይኸውላችሁ ብላ ከድሮ ፊልሙ ውስጥ አንድ ለስላሳ፣ እንደ ማር የሚንጠባጠብ የሴት ድምፅ ስታሰማ ሳቄ እዚያው ላይ ተቋረጠ። "ውሸት ነው! የእሳቸው አይደለም!" ብዬ መሪውን በቡጢ ስመታው መኪናዬ ጡሩምባውን ነፋ፤ የፊተኛው ሾፌርም እጁን በመስኮት አውጥቶ የሚገባኝን ስድብ ሰደበኝ።

ተዋናይቷ ጎረቤታችን ነበሩ።

ከቡታጅራ ወደ አሜሪካ ስንመጣ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። ዋይት ሴንተር በሚባል ሰፈር ውስጥ ለሁለት የተከፈለ የእንጨት ቤት ግማሹን ተከራየን፤ አባቴም ሁለት መንገድ አለፍ ብሎ በርበሬ፣ ሩዝ፣ የስልክ ካርድና የመስገጃ ምንጣፍ አንድ ላይ የሚሸጥበት፣ ሦስት ሰው ከገባበት አራተኛው ውጭ የሚጠብቅበት ሱቅ ከፈተ። በቤቱ ሌላኛው ግማሽ እትዬ ሶሌዳድ ድመታቸውን ይዘው ይኖራሉ። አውሮፕላን ፋብሪካ ይሠራ የነበረው አሜሪካዊ ባላቸው ሞቷል፤ ልጅ የላቸውም። ከእሳቸው በኩል ሁልጊዜ በስኳር የተቀቀለ የብርቱካን ልጣጭና የጨው ዓሣ ይሸታል፤ ከእኛ በኩል ቁሌት፤ ግድግዳው ስስ ስለነበር ሁለቱ ሽታዎች መሀል ላይ ተገናኝተው የማንም ያልሆነ ሦስተኛ ሽታ ይወልዱ ነበር።

ከሽታው በላይ ግን ግድግዳውን የሚያልፈው ድምፃቸው ነበር። ሻካራ፣ ጨው የበላው የሚመስል፣ ከሆድ ተነስቶ ሳይጠየቅ በየክፍሉ የሚገባ ድምፅ ነው። ድመታቸውን ሲጠሩ የእኛ ጠረጴዛ ላይ ያለው ብርጭቆ ይንቀጠቀጣል፤ አባቴም "እኚህ ሴትዮ መርካቶ ቢወለዱ ኖሮ ሸቀጡ ራሱ ፈርቶ ይሸጥላቸው ነበር" ይል ነበር። እናቴ እንግሊዝኛ ስለማትችል በአማርኛ "እንዴት አደሩ፣ እትዬ" ትላቸዋለች፤ እሳቸው በስፓኒሽ ይመልሳሉ፤ እንዲህ እየተባባሉ ደረጃው ላይ ለረጅም ጊዜ ሲጫወቱ አንድም ቀን አለመግባባት አልፈጠሩም። ሳሎናቸው ግድግዳ ላይ የአንዲት መልከ መልካም ወጣት ጥቁርና ነጭ ፎቶግራፎች ተደርድረዋል። እናቴ የሞተች ልጃቸው መስላት ለሁለት ዓመት ያህል በገባች ቁጥር ፎቶውን እያየች "አላህ ይማራት" ስትላቸው፣ እሳቸው ቁንጅናቸውን ያደነቀችላቸው መስሏቸው እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ያመሰግኗት ነበር።

እውነቱን ያወቅሁት የድራማ አስተማሪያችን ባዋረደኝ ቀን ነው። አስራ ሁለት ዓመቴ ነበር። ሰውዬው ራሱ ስለ አንዲት የባሕር ንግሥት በጻፈው ቴአትር ለንግሥትነት መረጠኝ፤ ቤት ውስጥ ለአንድ ሳምንት የምጠራው በንግሥትነቴ ብቻ ሆነ፤ ታናሽ ወንድሜ እንኳ ጫማዬን ሲያቀብለኝ ጎንበስ ይል ነበር። ከዚያ አንድ ቀን አስተማሪው ጠራኝና፣ ስጦታ እንደሚሰጥ ሰው ፈገግ ብሎ፣ "ሐያት፣ ቁመትሽና አቋምሽ የንግሥት ነው። አክሰንትሽ ግን ለሰው አይገባም። ሶ፣ ኬይላ ከመጋረጃው ጀርባ በማይክሮፎን ትናገርልሻለች፤ አንቺ ከንፈርሽን ብቻ ታንቀሳቅሻለሽ፤ ኦኬ?" አለኝ። እኔም "ኦኬ" አልኩት። እቤት ደርሼ ሁለቱ ቤቶች የሚጋሩት ደረጃ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ።

እትዬ ሶሌዳድ ድመታቸውን ፍለጋ ሲወጡ አገኙኝ። በተሰባበረ እንግሊዝኛቸው ምን ሆንሽ አሉኝ፤ ነገርኳቸው። ያዝኑልኛል ብዬ ስጠብቅ ፊታቸው አመድ መሰለ። "ከንፈርሽን ብቻ?" አሉ። አንዴ ደግመው ጠየቁ። ከዚያ ክንዴን ይዘው ወደ ቤታቸው አስገቡኝና ፎቶግራፎቹ ሥር አስቀመጡኝ፤ ያቺ ወጣት እሳቸው መሆናቸውንም ያን ቀን ሰማሁ።

ደቡብ ስፔን ውስጥ ባለች የዓሣ አጥማጆች ከተማ ተወልደው፣ በአስራ ስድስት ዓመታቸው መጋዘን ውስጥ ዓሣ በጨው ሲደረድሩ ፊልም የሚያነሣበት ቦታ ሊመርጥ የመጣ ዳይሬክተር በበሩ ቀዳዳ አያቸው። ወደ ዋና ከተማ ወሰዳቸው። የመጀመሪያው ፊልም ባሏን ባሕር ስለወሰደባት ሴት ነው። ማንበብ ብዙ ስለማይችሉ ቃሉን ሰው እያነበበላቸው በጆሯቸው አጠኑ፤ ያላቸውን ሁሉ አፍስሰው ተናገሩ። ፊልሙ ለሕዝብ በታየበት ቀን እናታቸውን ከገጠር አስመጥተው፣ አዲስ ጫማ አድርገውላት፣ ከጎናቸው አስቀመጧት። መብራቱ ጠፋ። ሸራው ላይ የሶሌዳድ አፍ ተከፈተ፤ የወጣው ግን የሌላ ሴት ድምፅ ነው፤ የተማረች፣ የከተማ፣ ለስላሳ ድምፅ። እናታቸው በጨለማው ውስጥ ዞር ብላ፣ "ልጄ፣ ማነው የሚናገረው?" አለቻቸው።

ዳይሬክተሩን ሲጠይቁት "ፊትሽ ለዓለም ነው፤ ድምፅሽ ለዓሣ ገበያ" አላቸው። ውል ፈርመው ነበርና ሌሎችም ፊልሞች ሠሩለት፤ ሁሉም ውስጥ ያቺው ሴት ተናገረችላቸው። በየአገሩ ተሸለሙ፤ በየሽልማቱ መድረክ ላይ እሳቸው ፈገግ ብለው ይቆማሉ፣ ማይክሮፎኑን ጨብጦ የሚያመሰግነው እሱ ነው። በመጨረሻ በራሴ ድምፅ ካልሆነ አልሠራም ሲሉት አባረራቸው፤ ጠጪ ናት፣ አእምሮዋም ልክ አይደለም ብሎ ስላስወራ በር ሁሉ ተዘጋባቸው። እናቴ ይህን ስትሰማ ከሁሉም ያንገበገባት ጠጪ መባላቸው ነው፤ እትዬ ሶሌዳድ ወይን እንኳ ወደ አፋቸው አያስጠጉም ነበርና።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ከትምህርት ቤት ስመለስ ይዘውኝ ወደ ባሕሩ ዳር ይወርዱ ነበር፤ ስፓኒሽም ያኔ አስተማሩኝ። ጠጠሩ ላይ ያቆሙኝና እሳቸው ካፖርታቸውን ደርበው ወደ ኋላ ይርቃሉ። "ከሆድሽ! ከጉሮሮሽ አይደለም! ያ ጀልባ ላይ ያለው ሰውዬ ዞሮ እስኪያይሽ ድረስ!" ይላሉ። ነፋሱ ቃሌን ወደ አፌ ይመልሰዋል፤ የባሕር ወፎቹ ከእኔ በላይ ይጮኻሉ። አክሰንቴን ለማስተካከል ስሞክር ግን ጠጠር ያነሡብኝ ነበር። "እሱን እንዳትነኪው። እሱ የእናትሽ ነው።" አንድ ቀን በእርግጥም ጀልባው ላይ ያለው ሰውዬ ዞረ፤ እጁንም አወዛወዘልኝ፤ እትዬ ሶሌዳድ ጠጠሩ ላይ ቁጭ ብለው እንደ ልጅ አጨበጨቡ።

የቴአትሩ ቀን አዳራሹ ሞልቷል፤ እትዬ ሶሌዳድም ከእናቴ ጎን ተቀምጠዋል። መጋረጃው ሲከፈት ከጀርባ የክፍል ጓደኛዬ የኬይላ ድምፅ በማይክሮፎን መጣ፤ እኔም ከሆዴ ጀመርኩ። ለጥቂት ጊዜ ሁለት ንግሥቶች አብረን ተናገርን። ከዚያ ኬይላ ግራ ገብቷት ቆመች፤ እኔ ቀጠልኩ። ስጨርስ እናቴ እልልታዋን አቀለጠችው፤ አሜሪካኖቹ እሳት የተነሣ መስሏቸው ወደ በሩ አዩ። የድሌ ዕድሜ ግን አጭር ነበር። አስተማሪው ወደ መድረኩ ዘሎ ማይክሮፎኑን ያዘና፣ ይህን ያደረግሁት ሆን ብዬ፣ ልጅቷ እልህ ይዟት ድምፅዋን እንድታገኝ ነው አለ። ሰው ለእሱ ተነሥቶ አጨበጨበ። መኪና ውስጥ እትዬ ሶሌዳድ እጄን ጨምድደው ይዘው፣ "አየሽ?" አሉኝ። "መጨረሻ ላይ ማይክሮፎኑ የማን እጅ ላይ እንዳለ ነው ነገሩ።"

ሃይስኩል ልጨርስ ስል፣ ላይብረሪ ግድግዳ ላይ የተለጠፈ ወረቀት አየሁ። ያ ዳይሬክተር ክብር ሊቀበል ሲያትል ይመጣል፤ የመጀመሪያው ፊልሙ እሑድ ከሰዓት በኋላ ይታያል፤ ከዚያም ለተመልካች ንግግር ያደርጋል። ስነግራቸው እትዬ ሶሌዳድ ገብተው ጥቁር ቀሚሳቸውን መተኮስ ጀመሩ።

በርበሬ በርበሬ በሚሸተው የአባቴ ቫን ወሰድኳቸውና ሲኒማ ቤቱ ጀርባ ፓርክ አደረግሁ። ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። ፊልሙ ውስጥ ሴትየዋ ባሕሩ ዳር ቆማ ባሏን የወሰደባትን ውኃ የምትራገምበት ቦታ ሲደርስ፣ ሸራው ላይ ያቺ ወጣት አፏን ከፈተች፣ ከጎኔ ደግሞ ያ ሻካራ ድምፅ ተነሣ። አንዲት ቃል አልረሱም። ከከንፈሩ ጋር አንድም ቦታ አልተዛነፈም። ሰዎች "ሽሽ" አሉ፤ አንዱ ከኋላ ትከሻቸውን ነካ አደረጋቸው። ቀስ በቀስ ግን አዳራሹ ጸጥ አለ፤ ምክንያቱም ፊትና ድምፅ ሲገጥም ማንም ሰው ያውቃል፤ የማሩ ድምፅ ከድምፅ ማጉያው እየመጣ ውሸት ውሸት ይመስል ጀመር።

መብራቱ ሲበራ ሰውዬውን ደግፈው መድረክ ላይ አወጡት። አንቱ አልለውም። ማይክሮፎኑን ይዞ በአስተርጓሚ ማመስገን ሲጀምር እትዬ ሶሌዳድ ደረጃውን ወጡ፤ እኔም ተከተልኳቸው። አተኩሮ አያቸው፤ ለያቸው። ወዲያው ፊቱን ወደ ሕዝቡ መልሶ እጆቹን ዘረጋ፤ ሊያቅፋቸው ነው፤ ሰውም የሚያምር ነገር ሊያይ ነውና ማጨብጨብ ጀመረ። እሳቸው ሽማግሌ እጅ ላይ ያለ ትኩስ ሻይ እንደሚቀበል ሰው ረጋ ብለው ማይክሮፎኑን ከእጁ ወሰዱት።

"ስሜ ሶሌዳድ ነው። አሁን የሰማችሁት የእኔ ድምፅ ነው። ይህ ሰው ለዓሣ ገበያ ነው ብሎ ደብቆት ነበር" አሉ በስፓኒሽ። እኔ ያለ ማይክሮፎን፣ ከሆዴ፣ ወደ እንግሊዝኛ መለስኩት። "ዛሬ እሱ እንዲናገርልኝ አልፈልግም" አሉ ቀጥለው።

ከዚያ ማይክሮፎኑን ቦርሳቸው ውስጥ ከተው፣ ጠቅ አድርገው ዘግተው፣ በመሀል መንገዱ ወጡ።

በሩ ጋ ስደርስ ዞሬ አየሁት። እየተናገረ ነበር። እጁን ያወናጭፋል፣ አፉ ይከፈታል፣ ይዘጋል፣ ሳንባው ግን ደክሟል፤ ከመጀመሪያው ረድፍ አልፎ የሚሰማ ነገር የለም። ሦስት መቶ የሚሆን ሰው ከንፈሩን ያያል። አልራራሁለትም። ዛሬም አልራራለትም፤ ያን ከንፈር ባስታወስኩ ቁጥር ደረቴ ውስጥ የሆነ ነገር ይሞቀኛል።

አንድ አዘጋጅ ፓርኪንጉ ድረስ እየሮጠ መጥቶ "ማዳም፣ ማይክሮፎኑን እባክዎ" ሲላቸው፣ "ሰዉ ወጥቷል?" ብለው ጠየቁት። እየወጣ ነው አላቸው። "እንግዲያው ውሰድለት፤ አሁን ይናገር" አሉና ሰጡት። እቤት ስንደርስ ለእናቴ በስፓኒሽ ከነእንቅስቃሴው ተረኩላት፤ እናቴም በአማርኛ "እሰይ! አበጁ! ደግ አደረጉት!" እያለች ጉንጫቸውን ሳመቻቸው።

በቀል ይጣፍጣል። አይጣፍጥም የሚሉ ሰዎች አልቀመሱትም። ጥቂት ሳምንታት ካለፉ በኋላ ግን በግድግዳው በኩል ጸጥታ መስማት ጀመርን። ድመቷን በሹክሹክታ መጥራት ጀመሩ። አንድ ቀን ብርቱካን ልጣጭ ስቆርጥላቸው፣ "አሁን ማንን ልጥላ?" አሉኝ። "በየማለዳው ከአልጋዬ የሚያስነሣኝ እሱ ነበር።" ከዚያ እግራቸው ከዳቸውና ማውንትሌክ ቴራስ ወደሚገኝ የአረጋውያን ቤት ገቡ። ሁለት አውቶቡስ ቀያይሬ እሄድ ነበር፤ በመስኮቱ አጠገብ ተቀምጠው እጄን ይይዛሉ፣ ፈገግ ይላሉ፤ ድምፃቸው ግን ጆሮዬን አፋቸው ላይ ካላስጠጋሁ አይሰማም። ዩኒቨርሲቲ ልመረቅ አንድ ዓመት ሲቀረኝ አረፉ።

የእንጨቱ ቤት ፈርሶ ቦታው ላይ ግራጫ ፎቆች ቆመዋል፤ የእነሱ ግድግዳ ምንም አያሳልፍም አሉ። ፊልሞቻቸው ሁሉ አሉኝ፤ ፊታቸውን በፈለግሁ ጊዜ አየዋለሁ። ድምፃቸው ግን አንድም ቦታ የለም። ያን እሑድ አንድ ሰው በስልኩ ቀርጾት ይሆናል ብዬ ኢንተርኔት ላይ ለዓመታት ፈልጌያለሁ፤ የለም። ቤት ያስቀመጥኩትን ፎቶግራፋቸውን አምስት ዓመት የሞላት ልጄ ትወደዋለች። "ማሚ፣ ዱ ዘ ሌዲ!" ትለኛለች፣ ፎቶውን በሁለት እጇ አቅፋ፤ እንደ ሴትዮዋ ተናገሪ ማለቷ ነው። ጉሮሮዬን አጠራለሁ፣ ከሆዴ አነሣለሁ፣ የባሕሩን እርግማን በስፓኒሽ እጮኸዋለሁ፤ ልጄም አፌን ሳይሆን ፎቶውን እያየች ትስቃለች። የእሳቸው ድምፅ አለመሆኑን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ።