የጨፌው ደብተራዎች

ይህ ነገር የደረሰብኝ በዘመነ ሉቃስ፣ የኅዳር ጽዮን ዕለት ነው። ካገባሁ ገና ዓመት አልሞላኝም ነበር። ከዚያ ወዲህ ብዙ ነገር ረስቻለሁ፤ ይህን ግን እኔ ልርሳ ብልም መቱ አታስረሳኝም። ዛሬም ገበያ ስወጣ ከኋላዬ "ባለ ራእይዋ መጣች!" የሚል ሰው አይጠፋም። ሌላው አጣሞ ከሚያወራው እኔው የነገሩ ባለቤት ላውራው ብዬ ነው ብዕር ያነሣሁት። ፊደል የለየሁት የመሪጌታ ጥበቡ ተማሪዎች ሲጮሁ ከአጥር ወዲህ ሆኜ እየሰማሁ ነውና፣ አጻጻፌ ቢንጋደድ አትፍረዱብኝ።

መቱ ያኔ ገበያዋና ጥቂት የሣር ቤቶቿ ነበሩ። ባለቤቴ ደምሴ የአገሩ ገዥ የባላምባራስ ወታደር ሆኖ ከሸዋ የመጣ ነው፤ እኔንም ኋላ ከዚያው አስመጣኝ። ቤታችን ከቤተ ክርስቲያኑ ጉብታ ሥር ነበረች። ከእኛ ዝቅ ብሎ ጨፌው አለ። ዓመቱን ሙሉ ውሃ የማይለየው፣ ቤት የምንከድንበት ሣር የሚበቅልበት ሰፊ ረግረግ ነው። ከጨፌው ግርጌ ደግሞ አንዲት ምንጭ ትወጣለች። የሰፈሩ ሴት ሁሉ የሚቀዳው ከእሷ ነው። በበጋ ሌላው ምንጭ ሲነጥፍ፣ እስከ ሶር ወንዝ ወርደን፣ እንስራ አዝለን፣ ያን ዳገት እንዳንወጣ ያዳነችን እሷ ናት።

ያን ዓመት እህል ተወድዶ ነበርና ባላምባራስ "ጨፌው ቦይ ይቆፈርለትና ይድረቅ፤ በቆሎ ይዘራበት" ብለው አዘዙ። የቁፋሮው አለቃ ማን ቢሆን ጥሩ ነው? የእኔው ደምሴ! ሥራው ከጽዮን በዓል ማግሥት ሊጀመር ተቆረጠ።

እኔ አዲስ ሰው፣ ጨፌ ደረቀ አልደረቀ ምን ግድ ይለኝ ነበር? ዓይኔን የገለጠችልኝ ጎረቤቴ ሃዳ ቶላ ናት። ሃዳ ቶላ ማለት በኦሮምኛ የቶላ እናት ማለት ነው። በዕድሜ ብትበልጠኝም አንቺ እንባባል ነበር። እዚያው መቱ ተወልዳ ያደገች፣ ሳቋ ከሩቅ የሚሰማ ሴት ናት።

"ኢንታሎ" አለችኝ፣ ልጅት ማለቷ ነው፣ "ምንጯ የጨፌው ጡት ናት። ባልሽ እናቲቱን አድርቆ አንቺ ከየት ልትጠቢ ነው?"

ማታውን ለደምሴ ነገርኩት። "እኔ ታዛዥ ነኝ፤ አዛዡን ንገሪ" አለኝ።

"ለባላምባራስ የወታደር ሚስት ምን ብላ ትናገራለች?"

"እንግዲያው ዝም በያ!" አለና ለዶማው እጀታ ማግባቱን ቀጠለ።

የጽዮን ዕለት፣ ቤተ ክርስቲያን ከመሄዴ በፊት ውሃ ልቅዳ ብዬ ጎሕ ሲቀድ ወረድኩ። የመቱን የኅዳር ጉም ያየ ያውቀዋል፤ የገዛ እግርህን ይደብቅብሃል። ከላይ ከጉብታው የማኅሌቱ ከበሮ ይሰማል። እኔም ከከበሮው ጋር እያንጎራጎርኩ የጨፌውን ዳር ይዤ ስሄድ፣ ጉሙ ትንሽ ከፈት አለ።

ጨፌው መሃል ሰዎች ቆመዋል።

ወዲያና ወዲህ ሆነው፣ በሁለት ረድፍ ፊት ለፊት ተያይተዋል። ጥቁር ካባ ደርበዋል፤ ከካባው ሥር ነጭ ኩታ ብልጭ ይላል። በራሳቸው ላይ የወርቅ አክሊል ደፍተዋል። ከላይ ከበሮው ሲመታ እነሱ እጥፍ ብለው ያጎነብሳሉ፤ ቀና ይላሉ፤ ኩታቸውን ዘርግተው ከመሬት ብድግ ይላሉ። መሃል ላይ እንደ እምቢልታ ያለ ድምፅ ያሰማሉ። አንዱ ብቻ፣ ሌሎቹ አጎንብሰው ከተነሡ በኋላ ትዝ እያለው ለብቻው ያጎነብሳል።

እስቲ እናንተ ብትሆኑ ምን ትላላችሁ? የጽዮን ዕለት፣ በማኅሌት ሰዓት! መላእክት ወርደው ያሸበሽባሉ አልኩ እንጂ ሌላ ምን እላለሁ። እንስራዬ ከጀርባዬ ወርዶ ድንጋይ ላይ እንክትክቱ ወጣ። ዘወር ብዬም አላየሁት፤ ዳገቱን በሩጫ ወጣሁት።

ቅጽሩ ውስጥ ስገባ ማኅሌቱ አብቅቶ ደብተራዎቹ ትንፋሽ ሊሰበስቡ ወጥተዋል። ባላምባራስም ከበቅሏቸው መውረዳቸው ነበር። መሪጌታ ጥበቡ እግር ላይ ወደቅሁ።

"የኔታ! ጨፌው ውስጥ! አክሊል ደፍተው ያሸበሽባሉ!"

"ይህችን ልጅ ውሃ ስጧት" አሉ መሪጌታ።

"በጽዮን ይዤዎታለሁ! ካባ ለብሰው፣ በሁለት ረድፍ!"

መሪጌታ መልስ ሳይሰጡ ከበስተጀርባ አንዲት ሴት እልልታዋን ለቀቀችው። እልልታ ደግሞ አንዴ ከወጣ ተመልሶ አይገባም። ሌላዋ ተቀበለቻት። ጥላ ተዘረጋ፤ መስቀል ወጣ፤ ከበሮው ተነሣ። ደብተራዎቹ መቋሚያቸውን እንደያዙ፣ ባላምባራስ እንደገና በቅሏቸው ላይ ወጥተው፣ ሕዝቡ ከኋላ እየጎረፈ ወደ ጨፌው ወረድን። እኔ መሪ ሆኜ ከፊት ነኝ! ደምሴን በሕዝቡ መሃል አየሁት። እንደ ሌላው እልል አይልም። ሚስቱን ያውቃታል።

ጨፌው ዳር ስንደርስ ፀሐይ ወጣች፤ ጉሙም ተገለጠ።

ወፎች ናቸው።

ረጅም እግር፣ ረጅም አንገት፣ ጥቁር ሰውነት። ክንፋቸው ሲዘረጋ ሥሩ ነጭ ነው። አናታቸው ላይ የወርቅ ክር የመሰለ ጉትዬ ቆሟል። አንዱ ሕዝቡን ገልመጥ አደረገና፣ ምንም እንዳልተፈጠረ ጎንበስ ብሎ ዘለለ።

ከበሮው ቆመ። ያን ጊዜ ሃዳ ቶላ እንስራዋን አዝላ ከምንጯ ወጣች። ወፎቹን አየች። ጥላውን፣ መስቀሉን፣ ከበሮውን አየች። እኔንም አየች።

"ኢላ!" አለች፣ እዩ ማለቷ ነው። "ለሲምቢሮ ነው ይሄ ሁሉ ቄስ? በየዓመቱ ኅዳር ሲገባ ይመጣሉ እኮ! ልጅ ሆነን አብረናቸው እንዘል ነበር!"

ሲምቢሮ ወፍ ማለት መሆኑን የማያውቅ ቢኖር ያን ቀን አወቀ። ያ ሳቋ ጨፌውን ሞላው፤ ሕዝቡም ተከተላት። እኔ ነጠላዬን ፊቴ ላይ ጥዬ የምገባበት ጠፋኝ። ደምሴ አጠገቤ መጥቶ "ቤት እንገናኝ" አለኝ፣ ጥርሱን ሳይገልጥ።

ከእኛ ከባልና ሚስቱ ሌላ ያልሳቁት መሪጌታ ጥበቡ ብቻ ናቸው። መቋሚያቸውን ብብታቸው ሥር አግብተው ወፎቹን በጽሞና ያዩ ነበር። ከዚያ ወደ ደብተራዎቻቸው ዞሩ።

"አስተውሉ! ሲያጎነብሱ አንድ ላይ፣ ሲነሡ አንድ ላይ። እናንተን ሳስተምር ይህን ያህል ዘመን ለፍቼ እንዲህ ያለ ሽብሸባ አላየሁም!"

በዚህ መሃል ያ ዘገምተኛው ወፍ ለብቻው አጎነበሰ።

"ይሄ ደግሞ አየለ ነው" አሉ መሪጌታ።

አየለ የሚባለው ወጣት ደብተራ ሁልጊዜ አንድ ምት ወደ ኋላ የሚቀር ነበርና፣ ጓደኞቹ መቋሚያቸው ላይ ተደፍተው ሳቁ። ባላምባራስም እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። እየሳቁም "እስቲ አየለን ቀርቤ ልየው" ብለው በቅሏቸውን ወደፊት ነካ አደረጓት።

በቅሎዋ አንድ ተራመደች፣ ሁለት ተራመደች፣ ከዚያ እስከ ሆዷ ሰጠመች። ባላምባራስ በነጭ ልብሳቸው በአንገቷ ላይ ተንሸራትተው ጭቃው ውስጥ ቁጭ አሉ። ወፎቹ እምቢልታቸውን እየነፉ ተነሥተው ወደ ሰማይ ወጡ።

ከዚያ በኋላ ማን ይሳቅ! ወንዶቹ ገቡ፤ ሣር ታጭዶ ተነጠፈ፤ መቋሚያ ሳይቀር በበቅሎዋ ሆድ ሥር ገባ። ደምሴ እስከ ወገቡ ሰምጦ ከሥር ይገፋል። "ጌታዬ፣ ይሄ እኮ ላይ ላዩን ሣር ነው እንጂ ታቹ ሐይቅ ነው!" ይላል። ለማድረቅ የተሾመው አለቃ እሱ መሆኑን የረሳው ይመስላል።

ባላምባራስ ወጥተው ወደ ምንጯ ወረዱ። ይህን ሁሉ ጣጣ ያመጣሁት እኔ ነኝና የሃዳ ቶላን ቅል ተቀብዬ ላስታጥባቸው ቆምኩ። እጃቸውን ዘረጉ፤ አፈሰስኩ። ፊታቸውን ታጠቡ።

"ጨምሪ" አሉኝ። ጨመርኩ።

"አሁንም ጨምሪ።"

ያኔ አፌ አመለጠኝ። "ጌታዬ፣ ለዛሬ ይጨመራል። ነገ ጨፌው ከተቆፈረ ግን ከየት አምጥቼ እጨምራለሁ?"

ደምሴ ጭቃውን እንደለበሰ ቆሞ ቀረ። ባላምባራስ እኔን አዩኝ፤ ከዚያ ውሃዋን አዩ።

"ይህ ጥሩ ውሃ ከዚያ ጭቃ ነው የሚወጣው?"

"ከዚያው ነው ጌታዬ" አለች ሃዳ ቶላ። "በበጋ በቅሎዎም የምትጠጣው እሱኑ ነው። እንዲያውም ዛሬ ጨፌውን ስማ ተሰናበተችው።"

ባላምባራስ በእፍኛቸው ቀድተው ጠጡ። ጢማቸውን ጠረጉና "ነገር ግን ይቆፈር ብዬ አዝዣለሁ። ቃሌ ቃል ነው" አሉ።

መሪጌታ ጥበቡ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "ቃልዎማ አይታጠፍም ጌታዬ። ቁፋሮው ይቆይልዎ እንጂ አይቅር። ማኅሌት የቆመን ሰው ግን አቋርጥ አይባልም። እነዚህ እስኪጨርሱ ይታገሡ።"

"መቼ ይጨርሳሉ?"

"ዝናብ ሲገባ ይበታተናሉ" አለች ሃዳ ቶላ።

"በዝናብማ ጨፌ ማን ይቆፍራል?" አለ ደምሴ። የእሱ አፍም እንደ እኔው አመለጠው።

ባላምባራስ ሦስቱን በየተራ ተመለከቷቸው። "መክራችሁብኛል!" አሉ። ከዚያ ቀና ብለው ሰማዩን አዩና ፈገግ አሉ። "ደብተራዎቹ ግን ሄዱ እኮ። ማኅሌቱ አለቀ ማለት ነው።"

እውነትም ጨፌው ባዶ ነው። ሁላችን አንገታችንን አስግገን ሰማይ ሰማይ ስናይ፣ እዚያ ማዶ ከዛፎቹ በላይ ያ እምቢልታ ተሰማ። ዞረው መጡ። አንዴ አናታችን ላይ ከበቡና እግራቸውን ዘርግተው፣ ጨፌው መሃል አንድ በአንድ አረፉ። አንዱ ከሁሉም ዘግይቶ አረፈ።

"አየለም ገባ" አሉ ባላምባራስ። "እንግዲያው እስኪጨርሱ።"

ይህን ጊዜ እልል ያልኩት እኔ ነኝ።

ቅዳሴው ዘግይቶ ገባ። ማታ ቤት ስንገናኝ፣ እየፈራሁ ብቀመጥ ደምሴ እግሩን እያጠበ "ለባላምባራስ የወታደር ሚስት ምን ብላ ትናገራለች ያልሽው አንቺ አልነበርሽም?" ብሎኝ ሳቁን ለቀቀው።

በቆሎው ከጨፌው ዳር ዳር ብቻ፣ መሬቱ ጠንከር ያለበት ላይ ተዘራ። መሃሉን የነካው የለም። ሣር ስናጭድም ለወፎቹ የሚበቃቸውን እንተውላቸዋለን። ባላምባራስ በሕይወት እስከነበሩ ድረስ፣ በበዓል ባገኙኝ ቁጥር "ጨረሱ እንዴ?" ይሉኝ ነበር። "ገና ናቸው ጌታዬ" እላቸዋለሁ። ቃላቸውም ሳይታጠፍ፣ ጨፌውም ሳይቆፈር እንዲሁ ኖርን። አየለ ራሱ ዛሬ መሪጌታ ሆኗል፤ አሁን ሌላውን ዘገየህ ብሎ የሚቆጣው እሱ ነው። የኔታ ጥበቡ ዓይናቸው ከደከመ በኋላ ኅዳር ሲገባ ጨፌው ዳር ወስጄ አስቀምጣቸው ነበር። "ያስ? ያ የእኛው?" ይሉኛል። "አሁንም ይዘገያል የኔታ" ስላቸው ደስ ይላቸዋል።

በፊት በፊት "ባለ ራእይዋ" ሲሉኝ እሸማቀቅ ነበር። ዛሬ ዞሬ "አቤት!" እላለሁ። ለመሆኑ ምን ተሳሳትኩ? ካባ ብዬ ነበር፣ ካባ አለ። አክሊል ብዬ ነበር፣ አክሊል አለ። የማን አገልጋዮች እንደሆኑ ብቻ ነው የተከራከርነው።

ባለፈው ሳምንት ልጄ ውሃ ልትቀዳ ወርዳ፣ ከምንጯ ሥር ሆና "እማዬ! ደብተራዎችሽ ገቡ!" ብላ ተጣራች። ሥራዬን ጥዬ ወረድኩ። ሃዳ ቶላ ቀድማኝ ተቀምጣለች፤ አጠገቧ ቦታ ለቀቀችልኝ። ጎን ለጎን ሆነን አየናቸው። አጎነበሱ፣ ተነሡ፣ ዘለሉ።

ዘንድሮም አንዱ ይዘገያል።